ያውቁ ኖሯል? ሬዲዮን ከኮምፒውተር የሚያነጋግረው ገመድ

በወልቂጤና በቡታጅራ መካከል የጉራጌ ተራሮች ቆመዋል፤ ከእነርሱም ዘቢዳር ከ3,700 ሜትር በላይ ከፍታ አለው። የመኪና መገናኛ ሬዲዮ ሞገድ በአብዛኛው ቀጥ ብሎ ስለሚጓዝ ጋራ ይጋርደዋል። መፍትሔው ከፍታ ላይ የሚተከል ሪፒተር ነው፤ በአንድ ፍሪኩዌንሲ ተቀብሎ በሌላ ያስተላልፋል። የእነዚህ ሁለት ፍሪኩዌንሲዎች ቁጥሮች ወደ ብዙዎቹ የመኪና ሬዲዮዎች የሚገቡት ከኮምፒውተር በፕሮግራሚንግ ገመድ ነው።

ገመዱን ካውያ የለመደ የኤሌክትሮኒክስ ጠጋኝ ራሱ ሊሠራው ይችላል። ለብዙ ሬዲዮዎች ሦስት ሽቦ ይበቃል፦ መላኪያ፣ መቀበያና ግራውንድ። የአንዱ መላኪያ ከሌላው መቀበያ ጋር ይያያዛል።

ከባዱ ነገር ቮልቴጁ ነው። የቀድሞ ኮምፒውተሮች ሲሪያል ፖርት ከፖዘቲቭ 12 እስከ ኔጋቲቭ 12 ቮልት ገደማ ሲያወጣ፣ የሬዲዮው ፕሮሰሰር የሚችለው 5 ወይም 3.3 ቮልት ነው። በቀጥታ ቢገናኙ ሬዲዮው ሊቃጠል ይችላል! ስለዚህ በመሃል እንደ ማክስ 232 ያለ ቮልቴጅ የሚቀይር ቺፕ ይገባል። በዩኤስቢ ገመዶች ላይ ግን ዩኤስቢን ወደ ሲሪያል የሚቀይር ሌላ ቺፕ ብዙውን ጊዜ ሶኬቱ ውስጥ ተደብቋል።

አዲስ ቁጥር ከመጻፍዎ በፊት ግን በሬዲዮው ውስጥ ያለውን አንብበው ኮምፒውተሩ ላይ ያስቀምጡ። ፍሪኩዌንሲውን የሚፈቅደው የኢትዮጵያ ኮሙኒኬሽን ባለሥልጣን ነው።