ጉንዳን የማይሻገረው ኩባያ

ቢራቢሮን ወደ ጓሮ መጋበዝ ብዙ ወጪ የለውም። አንድ እጅ ስኳር በአሥር እጅ ውሃ በጥብጦ ስፖንጅ መንከርና በሰሃን አድርጎ ከዛፍ ላይ በሽቦ ማንጠልጠል ነው። ከጎኑ ልጣጩ የጠቆረ ሙዝ ቢጨመርበት ደግሞ ይመረጣል። ችግሩ ሳይጠራ የሚመጣው ጉንዳን ነው።

መጀመሪያ የምትደርሰው አንዲት ቃኚ ናት። ጣፋጩን ቀምሳ ወደ ጎጆዋ ስትመለስ መንገዱ ላይ የሽታ ምልክት እያደረገች ትሄዳለች። ሌሎቹ ያንን ሽታ ተከትለው ይመጣሉ፤ ጠግበው ሲመለሱም የራሳቸውን ይጨምሩበታል። ሰሃኑ ላይ ያሉትን ማራገፍ ታዲያ ድካም ብቻ ነው፤ መንገዱ እስካለ ሌሎች ይተካሉ። ሽቦውን በሳሙና ውሃ ማጠብ ሽታውን ያጠፋል፣ ግን ነገ ሌላ ቃኚ ትመጣለች።

መፍትሔው ከሰሃኑ በላይ የምትንጠለጠል ትንሽ ኩባያ ናት። የሰፊ ጠርሙስ ክዳን መሃሉን በስቶ ሽቦውን ማሳለፍ፣ ቀዳዳውን ውሃ በማያስገባ ሙጫ መድፈን፣ ከዚያ ውሃ መሙላት ነው። ከላይ በሽቦው የሚወርደው ጉንዳን ውሃው ጋ ሲደርስ ይቆማል፤ ጥቂት ዞር ዞር ብሎ ይመለሳል።

የእኛ ንብ አናቢዎች ለዚህ ዘዴ እንግዳ አይደሉም። በቀፎው ዙሪያ አመድ ይነሰንሳሉ፤ የመቆሚያውን እግሮችም ውሃ ወይም የተቃጠለ ዘይት ባለበት ጣሳ ውስጥ የሚያቆሙ አሉ። ለቢራቢሮ ግን ዘይቱ ይቅር። ሽቦው ላይ የተቀባ ቫዝሊንም በፀሐይ ቀልጦ ይንጠባጠባል፣ ክንፍ ላይ ከተጣበቀ ቢራቢሮዋ መብረር ያቅታታል። ፍሊት መንፋትማ የጋበዙትን እንግዳ መመረዝ ነው።

ጉንዳንን ከነዘሩ ማጥፋትም አይመከርም። በብሪታንያ «ትልቁ ሰማያዊ» የሚባለው ቢራቢሮ እ.ኤ.አ. በ1979 የጠፋው፣ አባጨጓሬው ጎጆዋ ውስጥ ገብቶ የሚያድግባት ቀይ ጉንዳን ስለተመናመነች ነበር። ኋላ ከስዊድን አምጥተው እንደገና አራብተውታል።

ኩባያዋ ክትትል ትፈልጋለች። በበጋ ውሃዋ ቶሎ ይተናል፤ አንድ ቅጠል ከወደቀባት ለጉንዳን ድልድይ ይሆናል፤ ሰሃኑን የሚነካ ቅርንጫፍ ካለም ከንቱ ናት። ስለዚህ ውሃውን በየቀኑ ይዩት፣ ቅርንጫፉን ይቁረጡ፣ የስኳሩን ውሃም ሳይኮመጥጥ ይቀይሩት።