ኢቪ ስምንት መንገድ አላት፤ ንብስ?

ፖኬሞን የተጫወተ ሰው ይህቺን ሰዓት ያውቃታል። ቡናማ ጸጉር፣ ረጃጅም ጆሮ፣ አንገቷ ላይ ደግሞ ነጣ ያለ ጎፈር ያላት ትንሽዬ ፍጡር ስክሪኑ ላይ ቆማለች። ስሟ ኢቪ ነው። ቦርሳችሁ ውስጥ ሦስት ድንጋዮች አሉ፦ የውሃ፣ የመብረቅና የእሳት። አንዱን ስትሰጧት ትለወጣለች። አንዴ ከተለወጠች ግን መመለስ የለም፤ የቀሩት መንገዶች በሙሉ ይዘጋሉ። ጣታችሁ ቁልፉ ላይ ይቆማል። የትኛው ይሻላል?

ጥያቄው የጨዋታ ብቻ ይመስላል፤ አይደለም። ሥነ ሕይወትም ይህንኑ ይጠይቃል፦ ጅምሩ አንድ የሆነ ፍጡር እንዴት የተለያየ ነገር ሆኖ ሊያድግ ይችላል? ዛሬ ሁለቱን ጎን ለጎን እናያቸዋለን። ድንጋዩን እንዴት እንደምትመርጡ ትረዳላችሁ፤ ከዚያ በላይ ደግሞ ጨዋታው “ኢቮሉሽን” የሚለው ነገርና ክፍል ውስጥ የምትማሩት ዝግመተ ለውጥ ለምን አንድ እንዳልሆኑ ታውቃላችሁ። ይህን ማምታታት ፈተና ላይ ነጥብ ማስጣሉ ሳያንስ፣ ስለ ሕይወት ያለንን ግንዛቤም ያጣምመዋል።

መጀመሪያ ኢቪን እንወቃት

የመጀመሪያዎቹ የፖኬሞን ጨዋታዎች ጃፓን ውስጥ የወጡት በ1996 ነው (እዚህ ያሉት ዓመቶች በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። የሐሳቡ አፍላቂ ሳቶሺ ታጂሪ ልጅ ሳለ ነፍሳት መሰብሰብ ይወድ ነበር፤ ጨዋታውም ከዚያ ፍቅር የተወለደ ነው። በዚያ ጊዜ ከነበሩት 151 ፍጡራን ውስጥ መንገዷ የሚከፈለው ኢቪ ብቻ ነበረች። የውሃ ድንጋይ ቫፖሪዮን፣ የመብረቅ ድንጋይ ጆልቲዮን፣ የእሳት ድንጋይ ደግሞ ፍላሪዮን ያደርጋታል። በዚያ ላይ አንድ ተጫዋች የሚያገኘው አንዲት ኢቪ ብቻ ነው። ስለዚህ ምርጫው ጭንቅ ነበር።

ከዚያ መንገዶቹ በዙ። በ1999 ሁለት ተጨመሩ፦ ኢቪ በጣም ከወደደቻችሁ ቀን ላይ ኢስፒዮን፣ ማታ ላይ አምብሪዮን ትሆናለች። በ2006 ደግሞ ቦታ መጣ፦ አረንጓዴ በለበሰ ቋጥኝ አጠገብ ደረጃዋ ከጨመረ ሊፊዮን፣ በረዶ በለበሰ ቋጥኝ አጠገብ ከሆነ ግሌሲዮን። በ2013 ስምንተኛዋ ሲልቪዮን ተከተለች።

አንድ ነገር ልብ በሉ። ድንጋይ፣ ሰዓት፣ ቦታ፣ የባለቤቷ እንክብካቤ... መንገዱን የሚወስነው በአብዛኛው ከውጭ የሚመጣ ነገር ነው። ይህን ያዙልኝ፤ ቀፎ ጋ ስንደርስ እንመለስበታለን።

“ምርጧ የትኛዋ ናት?” ለምን መልስ የለውም

እያንዳንዱ ፖኬሞን ስድስት ቁጥሮች አሉት፦ የሕይወት መጠን፣ ጥቃት፣ መከላከያ፣ ልዩ ጥቃት፣ ልዩ መከላከያና ፍጥነት። በአሁኑ ጊዜ ባሉት ጨዋታዎች የስምንቱን የኢቪ ልጆች መነሻ ቁጥሮች ብትደምሩ፣ የሁሉም ድምር 525 ይመጣል። የሚገርመው ድምሩ ብቻ አይደለም። ስምንቱም የሚጠቀሙት እነዚሁኑ ስድስት ቁጥሮች ነው፦ 130፣ 110፣ 95፣ 65፣ 65 እና 60። የሚለያዩት በቁጥሮቹ አቀማመጥ ብቻ ነው።

ቫፖሪዮን 130ን ሕይወት ላይ አስቀምጣለች፤ በቀላሉ አትወድቅም፣ ፍጥነቷ ግን 65 ነው። ጆልቲዮን በተቃራኒው 130ን ለፍጥነት ሰጥታ በ65 ሕይወት ትሮጣለች። ፍላሪዮን ጥቃት ላይ፣ አምብሪዮን ልዩ መከላከያ ላይ አድርገውታል። ሒሳብ ለምትወዱ፦ 65 ሁለት ጊዜ ስላለ እነዚህን ስድስት ቁጥሮች በ360 ዓይነት መንገድ መደርደር ይቻላል። የጨዋታው ሠሪዎች ስምንቱን ብቻ ተጠቀሙ።

ስለዚህ “የትኛዋ ትበልጣለች?” ብሎ መጠየቅ፣ አንድ መቶ ብር በሁለት ሃምሳ ሲዘረዘር ይበልጣል ወይስ በአሥር አሥር እንደማለት ነው። ሁለት ወዶ አይሆንም፤ ፍጥነት ላይ ያዋላችሁት ነጥብ ከሌላ ቦታ የተነሳ ነው። መልስ ያለው ጥያቄ “ቡድኔ ምን ይጎድለዋል?” የሚለው ነው። ሁሉም ቀርፋፋ ከሆኑ ጆልቲዮን፤ ሁሉም በአንድ ምት የሚወድቁ ከሆነ ቫፖሪዮን።

ግን እኩል ድምር ማለት እኩል ጥቅም ማለትም አይደለም። በቀደሙት ጨዋታዎች የእሳት ምቶች በሙሉ የሚሰሉት በልዩ ኃይል እንጂ በተራው ጥቃት አልነበረም። ምስኪኗ ፍላሪዮን ታዲያ ትልቁን ቁጥሯን፣ 130ን፣ ያስቀመጠችው ለገዛ እሳቷ በማይጠቅም ቦታ ነበር። ቁጥር ዋጋ የሚኖረው የሚውልበት ቦታ ሲያገኝ ነው።

አሁን ወደ ቀፎ

ይህንን ሁሉ ያለ ስክሪን ማየት ከፈለጋችሁ አንድ የንብ ቀፎ ይበቃችኋል።

ንግሥቷ፣ ንብ አናቢዎች አውራ የሚሏት፣ የዳበረ እንቁላል ትጥላለች። ከእንቁላሉ የምትወጣው እጭ ሠራተኛም ንግሥትም ልትሆን ትችላለች። ሁለት መንገድ አላት ማለት ነው። “ድንጋዩ” እዚህ ምግብ ነው። ለመጀመሪያዎቹ ሦስት ቀናት ገደማ ሁሉም እጮች ሮያል ጄሊ የሚባል፣ ሞግዚት ንቦች ከጭንቅላታቸው ዕጢ የሚያመነጩት ነጭ ወተት መሰል ምግብ ይሰጣቸዋል። ከዚያ መንገዱ ይከፈላል። ሠራተኛ የምትሆነው ማርና የአበባ ብናኝ የተቀላቀለበት ምግብ ትጀምራለች። ንግሥት የምትሆነው ግን ሰፋ ባለ ልዩ ቤት ውስጥ ሆና እስከ መጨረሻው በጄሊ ትሞላለች።

ውጤቱን ተመልከቱ። ንግሥቷ እንቁላሉ ከተጣለ በ16 ቀን ገደማ፣ ሠራተኛዋ በ21 ቀን ገደማ ከቤቷ ትወጣለች። ንግሥቷ ዓመታት ትኖራለች፣ በጥሩ ወቅትም በቀን ከአንድ ሺህ በላይ እንቁላል ትጥላለች። ሠራተኛዋ በሥራ ወቅት ዕድሜዋ ስድስት ሳምንት ገደማ ነው።

እንዴ፣ ታዲያ ንግሥት መሆን አይሻልም? ቆይ። ንግሥቷ ብናኝ የምትሸከምበት የእግር “ቅርጫት” የላትም። ሰም አትሠራም። አበባ ቀስማ ራሷን አትመግብም፤ ሠራተኞቹ ካልመገቧት ትሞታለች። እሷም 130ዋን አንድ ቦታ አስቀምጣ ሌላውን ትታለች። ቀፎው ደግሞ ሁለቱንም ይፈልጋል።

ዋናው ነገር፣ በሁለቱ እጮች መካከል ይህን የሚያመጣ የዘረመል ልዩነት መኖር የለበትም። የሚለያየው የትኛው ዘረመል ሥራ ላይ እንደሚውል፣ የትኛው ዝም እንደሚል ነው። በ2008 አውስትራሊያ ውስጥ የሚሠሩ ተመራማሪዎች ዲኤንኤ ላይ ኬሚካላዊ ምልክት እንዲለጠፍ የሚያደርግ አንድ ዘረመል በእጮች ላይ ዝም አሰኙ። አብዛኞቹ እጮች ያደጉት እንቁላል ማምረቻቸው በደንብ የዳበረ ንግሥት መሳይ ሆነው ነው። ምግቡም የሚሠራው በከፊል በእነዚህ ምልክቶች በኩል መሆኑ በዚህ ታየ።

የሊፊዮንና የግሌሲዮን ዓይነት፣ ማለትም ቦታ የሚወስነው መንገድም አለ። በጫሞ ሐይቅ የምናውቀው የዓባይ አዞ ወንድ ወይም ሴት የሚሆነው እንቁላሉ በተቀበረበት ጉድጓድ የሙቀት መጠን ነው።

ዕጣ የሚወስነው መንገድም አለ። በ2002 የመጣው ትሉ ወርምፕል ወደ ሁለት ዓይነት ይለወጣል፤ የትኛው እንደሚሆን ግን ስታገኙት ጀምሮ በተደበቀ ቁጥር ተወስኗል፣ እናንተ ምንም ማድረግ አትችሉም። ብርቱካንማና ጥቁር የተዥጎረጎረች ድመት አይታችሁ ይሆናል። ገና ጽንስ ሳለች እያንዳንዱ ህዋሷ ካሉት ሁለት ኤክስ ክሮሞዞሞች አንዱን በዕጣ ዝም ያሰኛል፤ አንዱ የብርቱካንማውን፣ ሌላው የጥቁሩን ቀለም የያዘ ነው። ዝንጉርጉርነቷ ያ ዕጣ የጣለው ካርታ ነው።

ታዲያ ይሄ ዝግመተ ለውጥ ነው?

አይደለም። ዝግመተ ለውጥ በአንድ ግለሰብ ላይ አይደርስም። የሚደርስበት በብዙ ትውልድ ውስጥ በሚያልፍ ሕዝብ ላይ ነው፦ የሚወረስ ልዩነት ይኖራል፣ አንዳንዱ ልዩነት ብዙ ልጅ ለመተው ያግዛል፣ ቀስ በቀስ ያ ልዩነት ይበዛል። ኢቪ ላይ የሚሆነው ግን አባ ጨጓሬ ቢራቢሮ ሲሆን ከሚደርሰው ጋር ነው የሚቀራረበው። ይህ እድገት ነው። አንድ ዓይነት ዘረመል ይዞ እንደ አካባቢው የተለያየ ሆኖ ማደግን ሳይንቲስቶች ፌኖቲፒክ ፕላስቲሲቲ ይሉታል።

ማረጋገጫውን ጨዋታው ራሱ ይሰጣችኋል። ከ1999 ጀምሮ ፖኬሞኖች እንቁላል ይጥላሉ። ፍላሪዮን ከጣለችው እንቁላል ምን ይፈለፈላል? ፍላሪዮን አይደለችም፤ ተራዋ ኢቪ ናት። እናት በድንጋይ ያገኘችው እሳት ለልጅ አይተላለፍም። ፈረንሳዊው ላማርክ በ1809 ባሳተመው መጽሐፉ በሕይወት ዘመን የተገኘ ለውጥ ይወረሳል ብሎ ነበር፤ በዚህ ነገር ጨዋታው ከላማርክ ይልቅ ለዘመናዊው ሥነ ሕይወት ይቀርባል። የንግሥት ንብ ልጆችም ንግሥት ሆነው አይወለዱም፤ ምግቡ እንደገና ይወስናቸዋል።

የሚወረሰው ሌላ ነገር ነው፦ የመቀየር ችሎታው ራሱ። እያንዳንዷ አዲስ ኢቪ ለድንጋዮቹ ምላሽ የመስጠት ችሎታ ይዛ ትፈለፈላለች፤ እያንዳንዷ የንብ እጭም ሁለቱን መንገዶች ይዛ። ያንን ችሎታ ለንቦች የሰጣቸው እውነተኛው፣ አዝጋሚው፣ የብዙ ሚሊዮን ዓመታት ዝግመተ ለውጥ ነው።

ጨዋታው ወደ እውነተኛው ዝግመተ ለውጥ ይበልጥ የቀረበው በ2016 ነው። ቀበሮ መሳዩዋ ቫልፒክስ በሌላ አገር የእሳት ናት፤ በአሎላ ደሴቶች በረዷማ ተራራ ላይ የምትኖረው ግን የበረዶ ሆና ተገኘች። ድንጋይ የሰጣት የለም፤ ዘሯ ለብቻው ኖሮ ተለየ። የእኛዋ ቀይ ቀበሮም እንዲሁ ናት። ስሟ ቀበሮ ይሁን እንጂ የቅርብ ዘመዷ ተኩላ ነው፤ ቀጭንና ረጅም አፏ የባሌንና የስሜንን አይጦች ለማደን ይመቻል። አንዲት ተኩላ ግን አንድ ቀን ተነስታ ቀይ ቀበሮ አልሆነችም።

መመለስ ይቻላል?

በ1957 እንግሊዛዊው ኮንራድ ዋዲንግተን የህዋስን እድገት ከተራራ ላይ በምትንከባለል ኳስ መሰለው። ቁልቁል በወረደች ቁጥር ሸለቆዎቹ ይለያያሉ፤ አንዱ ውስጥ ከገባች ወደ ሌላው መሻገር ይከብዳታል። በ2006 ጃፓናዊው ሺንያ ያማናካ አራት ዘረመሎችን ተጠቅሞ የአይጥ ቆዳ ህዋሶችን ወደ ተራራው አናት መለሳቸው፤ በ2012ም የኖቤል ሽልማት ተካፈለ። ይህ ግን ላቦራቶሪ ውስጥ በህዋስ ላይ የተሠራ ነው። አድጋ የበረረች ሠራተኛ ንብን መልሶ ንግሥት የሚያደርግ የለም።

እናንተ ግን ከንቧ የተሻለ ዕድል አላችሁ። የእጯ ጊዜ በጥቂት ቀናት ውስጥ ያልቃል፤ ኢቪ ግን እስክትወስኑ ትጠብቃለች። ስለዚህ ድንጋዩን ከመስጠታችሁ በፊት ጨዋታውን ሴቭ አድርጉ፤ ከዚያ ሁለት ነገር ጠይቁ፦ ቡድኔ ምን ይጎድለዋል? የማገኘውን ትልቅ ቁጥር የምጠቀምበት ምት አለኝ?

የቤት ሥራ ልስጣችሁ። ታይሮግ የሚባለው ፖኬሞን ደረጃ 20 ሲደርስ በሦስት መንገድ ይከፈላል፦ ጥቃቱ ከመከላከያው ከበለጠ አንዱን፣ ካነሰ ሌላውን፣ እኩል ከሆኑ ሦስተኛውን ይሆናል። መንገዱን የሚወስነው ምንድን ነው? እንደ ንቧ ከውጭ የመጣ ነገር ነው፣ እንደ ድመቷ ዕጣ ነው፣ ወይስ የሁለቱ ድብልቅ?