የትውልድ ምርመራ በህንድ አገር

የሰው ትውልድ በፊቱ ላይ ተጽፎ አይታይም። ስለዚህ ከዚህ ነገድ ተወልጃለሁ ብሎ መብት የሚጠይቀውን ሰው ሹም ሊመረምረው ግድ ይሆናል። ከባቢሎን ምርኮ ከተመለሱት መካከል የትውልዳቸውን መጽሐፍ ፈልገው ያጡት የካህናት ልጆች፥ በኡሪምና በቱሚም የሚፈርድ ካህን እስኪነሣ ድረስ ከክህነት ተለይተው እንዲቈዩ መደረጉ በመጽሐፈ ዕዝራ ይገኛል። በዘመናችን ይህ ነገር በሰፊው የሚመረመርበት አገር ህንድ ነው።

በፈረንጆች ቍጥር በ1950 ዓ.ም. የጸናው የህንድ ሕገ መንግሥት፥ ብዙ ዘመን እንደ ርኩስ ተቈጥረው ከውሃ ጕድጓድና ከቤተ ጸሎት ሲከለከሉ የኖሩትን ወገኖች፥ በጫካና በተራራ ተለይተው የኖሩትንም ነገዶች ስማቸው በመዝገብ እየተጻፈ እንዲረዱ አደረገ። ከማዕከላዊው መንግሥት ሥራ ከመቶው 15ቱ ለፊተኞቹ፥ 7 ተኩሉ ለነገዶቹ ተለይቶ ይጠበቃል።

ጥቅም ባለበት ዘንድ አስመሳይ አይታጣምና፥ ያልተወለደበትን ነገድ ስም እየጠራ የምስክር ወረቀት የሚያወጣ ሰው ተገኘ። ከማሃራሽትራ ክፍል የሆኑ ሁለት እኅትማማች የማሃዴቭ ኮሊ ነገድ ልጆች ነን ብለው ለሕክምና ትምህርት የተለየውን ስፍራ ጠየቁ። ማሃዴቭ ኮሊ በነገዶች መዝገብ የተጻፈ ነው፤ ኮሊ ብቻ ተብሎ የሚጠራው ወገን ግን በዚያ የለም። የህንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1994 ዓ.ም. ጥያቄያቸው እውነት አይደለም ብሎ ፈረደ፤ በዚያውም ፍርድ ምርመራው ወደ ፊት እንዴት እንዲሆን ሥርዓት ሠራ።

በዚህ ሥርዓት ሦስት ሹማምንት ያሉበት የማጣሪያ ጉባኤ ይቆማል፤ ከእነርሱም አንዱ የነገዶቹን ኑሮ ጠንቅቆ የሚያውቅ እንዲሆን ታዝዟል። መርማሪ ፖሊስ ወደ አመልካቹ መንደር ሄዶ የትምህርት ቤቱን መዝገብ ያያል፥ ወላጆቹን ይጠይቃል፥ ያገኘውንም ጽፎ ያቀርባል። ጉባኤው ጥያቄው ሐሰት ቢመስለው እንኳ ወዲያው ሊሽር አይችልም፤ አስቀድሞ የመርማሪውን ጽሑፍ ግልባጭ ለሰውዬው ልኮ፥ ከ30 ቀን በማይበልጥ ጊዜ መልሱን እንዲሰጥ፥ ቢፈልግም ቀርቦ ማስረጃውን እንዲያሰማ ያደርጋል። የሚቃወም ካለ እንዲመጣ በመንደሩ ከበሮ እየተመታ ሊነገር ይችላል፤ ይህም በነጋሪት አዋጅ ለኖረ አገር እንግዳ አይደለም።

ከሁሉ የሚከብደው ስለ ልማድ የሚደረገው ጥያቄ ነው። መርማሪው አመልካቹን፥ ነገድህ የሚያመልከው ምንድር ነው፥ ጋብቻችሁ በምን ሥርዓት ነው፥ ሙታናችሁን እንዴት ትቀብራላችሁ እያለ ይጠይቃል። አያቱ ከተራራ ወርዶ በከተማ የሠራ፥ እርሱም በከተማ ትምህርት ቤት ያደገ ልጅ የአባቶቹን ሥርዓት ቢስት ሐሰተኛ ነው ማለት ይገባልን? ባዕድ የሆነው ሰው ደግሞ መልሱን ከመጽሐፍ ሊያጠና ይችላል። ጠቅላይ ፍርድ ቤቱም በ2011 ዓ.ም.፥ ኋላም በ2023 ዓ.ም.፥ ይህ ዓይነት ጥያቄ ብቻውን ለፍርድ እንደማይበቃ፥ ህንድ ነጻ ሳትወጣ የተጻፈ ወረቀትም ከፍ ያለ ዋጋ እንዳለው አስታወቀ። ይህ መልካም ነው፤ ነገር ግን አባቱም አያቱም ትምህርት ቤት ያልገቡለት የጫካ ልጅ አሮጌ ወረቀት ከየት ያመጣል?

የፍርዱ ፍሬም ቀላል አይደለም። በማሃራሽትራ ሕግ የማስረዳት ሸክም በአመልካቹ ላይ ነው፤ በ2017 ዓ.ም. በተሰጠው ፍርድም ጥያቄው ያልጸናለት ሰው፥ አስቦ ባያታልል እንኳ፥ በዚያ ወረቀት ያገኘውን ሥራና የትምህርት ማዕረግ ያጣል። ብዙ ዘመን ያገለገለ ሠራተኛ እንጀራው በአንድ መርማሪ ጽሑፍ ላይ ሊንጠለጠል ይችላል ማለት ነው። ስለዚህ ግልባጩን ለባለ ጉዳዩ ማድረስ የጸሐፊ ሥራ ነው ተብሎ የሚናቅ አይደለም። በ1994 ዓ.ም. ፍርድ ግልባጩ የመቀበያ ፊርማ በሚመለስበት ሪኮማንዴ እንዲላክ ታዝዞ ነበር፤ ፊርማው ግን ደብዳቤው እንደ ደረሰ እንጂ እንደ ተነበበ አያስረዳም። ማንበብ የማይችለው ገበሬ አንብቦ መልሱን የሚጽፍለት ሰው እስኪያገኝ ድረስ 30ው ቀን ያልቃል።