የኮምፒዩተር ግጥሚያ በቀጥታ ሲተላለፍ ስንመለከት ስለሚገጥሙን እንቅፋቶች



በዘመናችን ወጣቶች ዘንድ የኮምፒዩተር ጨዋታ ደስታ በመጫወት ብቻ የሚገኝ አይደለም። ከእኛ እጅግ የተካኑ ሰዎች በኢንተርኔት ሲጋጠሙ መመልከትም ትልቅ ደስታ ሆኗል። ይህን ሲሰሙ የሚገረሙ ወላጆች አይታጡም፤ «ሌላው ሲጫወት አንተ ምን ታያለህ?» ይላሉ። ነገር ግን ስታዲየም የሚገባው ወይም ቴሌቪዥን ፊት የሚቀመጠው የእግር ኳስ ወዳጅ ሁሉ ኳስ ተጫዋች አይደለምና ነገሩ ይህን ያህል የሚያስደንቅ አይመስለኝም። ይልቁንስ የሚያስደንቀው ግጥሚያው ሊጀመር ሲል መስኮቱ ጨለማ ሆኖ ቢቀር ወይም ሥዕሉ ቢቆራረጥ፣ ብዙዎቻችን ምክንያቱን ሳንመረምር ወደ ውድ መድኃኒት መሮጣችን ነው። አንዱ ተጨማሪ ፓኬጅ ይገዛል፤ ሌላው ጨዋታውን ከነሥሩ አጥፍቶ እንደገና ከኢንተርኔት ያወርዳል። ዶታ 2 የተባለው ጨዋታ ብቻውን 60 ጊጋባይት ያህል ባዶ ቦታ የሚጠይቅ መሆኑን ያወቀ ሰው፣ ይህ መድኃኒት ለቤተ ሰብ ኪስ ምን ያህል መራራ እንደ ሆነ መገመት አያቅተውም።

ዶታ 2ን በምሳሌነት የወሰድሁት በክፍላችን ብዙ ተመልካች ስላለው ነው። ጨዋታው አምስት አምስት ሰዎች ባሉባቸው ሁለት ቡድኖች መካከል የሚደረግ ሲሆን፣ እያንዳንዱ ቡድን የሌላውን ዋና ሕንፃ ለማፍረስ ይጥራል። የሠራው ቫልቭ የተባለው የአሜሪካ ኩባንያ ነው። ኩባንያው በ2011 (ዓመቶቹ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) በጀርመን አገር በኮሎኝ ከተማ ባዘጋጀው ውድድር ለአሸናፊው ቡድን አንድ ሚሊዮን ዶላር ሰጥቷል። እንግዲህ የሚመለከቱት ሰዎች መብዛታቸው ያለ ምክንያት አይደለም።

አሁን ወደ ዋናው ነገር እንግባ። አንድን ግጥሚያ በቀጥታ የምንመለከትበት መንገድ ሁለት ነው፤ ሁለቱም በዓይን ሲታዩ ስለሚመሳሰሉ አንድ ይመስሉናል እንጂ በሥራቸው ፈጽሞ የተለያዩ ናቸው። አንደኛው በዩቲዩብ ወይም በትዊች የሚተላለፈው ነው። በዚህ መንገድ ሌላ ሰው በራሱ ኮምፒዩተር የሚያየው ሥዕል በቪዲዮ ተቀርፆ እንደ ፊልም ይላክልናል። ሁለተኛው በራሱ በጨዋታው ውስጥ ገብቶ መመልከት ነው። እዚህ ላይ በመስመሩ የሚመጣው ሥዕል አይደለም፤ ወሬ ነው። «እገሌ ከዚህ ወደዚያ ተራመደ፤ እገሌ ይህን መሣሪያ ጣለ» የሚል አጭር አጭር መልእክት ይመጣል፤ ተራራውን፣ ዛፉን፣ ተዋጊውን የሚሥለው ግን በቤታችን ያለው ኮምፒዩተር ራሱ ነው። የመጀመሪያው በቴሌቪዥን ኳስ እንደ ማየት፣ ሁለተኛው ደግሞ የሬዲዮ ዘጋቢውን እየሰሙ በጠረጴዛ ላይ ጠጠር እያንቀሳቀሱ ጨዋታውን እንደ መከታተል ያለ ነው።

ከዚህ ልዩነት የሚወጣው ሒሳብ ቀላል ነው። ጥራቱ ከፍ ያለ ቪዲዮ በሰከንድ 6 ሜጋቢት ያህል ይፈልጋል እንበል። አንድ ሰዓት 3600 ሰከንድ ስለ ሆነ 21600 ሜጋቢት ይሆናል፤ አንድ ባይት ስምንት ቢት ነውና ለስምንት ስናካፍለው 2700 ሜጋባይት፣ ማለትም 2.7 ጊጋባይት እናገኛለን። (ሜጋቢትና ሜጋባይት በስም ስለሚቀራረቡ አንዱን በሌላው ቦታ የሚጠራ ሰው ሒሳቡን በስምንት እጥፍ ይስታል፤ በሰፈር ክርክር ዘወትር የምሰማው ስሕተት ነው።) በጨዋታው ውስጥ ገብቶ ለሚመለከት ግን የአንድ ሙሉ ግጥሚያ ወሬ ተሰብስቦ ብዙውን ጊዜ ከመቶ ሜጋባይት ብዙም አይርቅም። ስለዚህ ፓኬጁ የሚያልቅበት ሰው ጨዋታው በኮምፒዩተሩ ላይ እስካለ ድረስ መንገዱን ቢለውጥ ይበጀዋል። በአንጻሩ ደግሞ ኮምፒዩተሩ ያረጀበት ሰው የመሣሉን ሥራ ለሌላ ትቶ ቪዲዮውን ቢመለከት ይሻለዋል። መስመሩ ደካማ ለሆነበትና ኮምፒዩተሩ ለደከመበት ሰው መድኃኒቱ አንድ አይደለም ማለቴ ነው።

በጨዋታው ውስጥ ስንመለከት ሥዕሉ ቢንገጫገጭ ጥፋቱ የመስመሩ ይሁን የኮምፒዩተሩ እንዴት እናውቃለን? በመስኮቱ ላይ የግጥሚያውን ደቂቃ የሚቈጥር ሰዓት አለ፤ እርሱን ልብ ብሎ መመልከት ነው። ሰዓቱ ቀጥ ብሎ ቆሞ፣ ሁሉም እንደ ሐውልት ደርቆ ከቈየ በኋላ እንደገና የሚንቀሳቀስ ከሆነ ወሬው በመንገድ ቀርቷል፤ ጥፋቱ የመስመሩ ነው። ሰዓቱ መቊጠሩን ሳያቋርጥ ሥዕሉ ብቻ የሚንተፋተፍ፣ በተለይም አሥሩ ተጫዋቾች በአንድ ቦታ ተሰብስበው ሲዋጉ የሚብስ ከሆነ ግን ኮምፒዩተሩ መሣል አቅቶታል። በዚህን ጊዜ ፓኬጅ መግዛት ለታመመ እግር የራስ ምታት ኪኒን እንደ መስጠት ነው። የሚበጀው በጨዋታው ማስተካከያ ገብቶ የጥላውን፣ የውሃውንና የብርሃኑን ጥራት ዝቅ ማድረግ፣ በስተ ጀርባ የተከፈቱትንም ሌሎች ፕሮግራሞች መዝጋት ነው።

ጨዋታው ጭራሽ አላስገባም ያለ እንደ ሆነ ደግሞ በመጀመሪያ የሚጠረጠረው አዲስ እትም መውጣቱ ነው። ወሬውን የሚልከው ሰርቨርና ወሬውን ተርጉሞ የሚሥለው የእኛ ኮምፒዩተር በአንድ እትም መስማማት አለባቸው። ትናንት ማታ አፕዴት ወጥቶ እኛ በአሮጌው ከቀረን ሰርቨሩ አያስገባንም። ስቲም የተባለውን ፕሮግራም ፈጽሞ ዘግቶ እንደገና መክፈት አብዛኛውን ጊዜ አፕዴቱን ያስጀምረዋል። እትሙ ትክክል ሆኖ አሁንም ካልገባ፣ መብራት ጠፍቶ ወይም ማውረዱ በመካከል ተቋርጦ የተበላሸ ፋይል ሊኖር ይችላል። ለዚህም ቢሆን ጨዋታውን ማጥፋት አያስፈልግም፤ በስቲም ውስጥ ፋይሎቹን አንድ በአንድ የሚመረምርና የተበላሸውን ብቻ መርጦ የሚያወርድ ትእዛዝ አለ። ብዙዎች ይህን ትእዛዝ አለማወቃቸው ያሳዝናል።

በቤት የሚሠራው በትምህርት ቤት ወይም በቢሮ አልሠራ የሚልበትም ጊዜ አለ። የኢንተርኔት መልእክት ሁሉ ቊጥር ባላቸው በሮች ይገባል ይወጣል። ድረ ገጽ የሚገባበት በር ለሁሉም ክፍት ሲሆን፣ የስቲም ጨዋታዎች ከ27000 ጀምሮ የሚቈጠሩትን በሮች ይጠቀማሉ፤ እነዚህን በአንዳንድ መሥሪያ ቤት የኔትወርኩ ኃላፊ ሆን ብሎ ይዘጋቸዋል። ይህን ለመለየት በስልክ ኢንተርኔት ለጥቂት ደቂቃ መሞከር ይበቃል። በስልኩ ከሠራ በሩ ተዘግቷል ማለት ነው፤ የተዘጋበትም ምክንያት ይኖራልና በጓሮ መንገድ ከመፈለግ ኃላፊውን መጠየቅ ይሻላል። (መምህራን ይህን ሲያነቡ ፈገግ እንደሚሉ አውቃለሁ።)

በቪዲዮ የሚመለከት ሰው ችግር ከዚህ ይለያል። ቪዲዮው የሚመጣው ጥቂት ጥቂት ሰከንድ እየተቈረሰ ነው፤ ማጫወቻውም ከሚያሳየን ፊት የተወሰነ ስንቅ ይይዛል። ስንቁ ሲያልቅ ያቺ የምትሽከረከር ክብ ትመጣለች። ማጫወቻው በራሱ እንዲመርጥ ከመተው፣ ጥራቱን ከ1080 ወደ 480 ራስን ችሎ ማውረድ ብዙ ጊዜ ይፈውሳል። በትዊች ደግሞ መዘግየቱን ለማሳጠር የሚረዳ ምርጫ አለ፤ እርሱ ሲከፈት ስንቁ ስለሚያንስ ደካማ መስመር ያለው ሰው ቢዘጋው ይሻለዋል። ጐረቤት ጐል ሲገባ ከእኛ በፊት መጮኹ ያናድዳል፤ ሆኖም በየደቂቃው ከሚቆም ሥዕል ዐሥር ሰከንድ ዘግይቶ ሳይቋረጥ የሚመጣው ይመረጣል።

ስለ ቤት መስመር ረጅም ነገር መጻፍ አያሻም። ራውተሩ ከግድግዳ በስተ ጀርባ ወይም ከቁም ሣጥን ላይ ከሆነ ወደ እርሱ መቅረብ፣ ቢቻል በገመድ መገናኘት፣ ከዚያም በዚያ ሰዓት በቤት ውስጥ ፊልም የሚያወርድ ሰው መኖር አለመኖሩን መጠየቅ ነው። ብዙ ጊዜ ጥፋተኛው ታናሽ ወንድም ተደርጎ ይከሰሳል፤ ነገር ግን በሥውር አፕዴት የሚያወርደው የከሳሹ የራሱ ስልክ ሆኖ የሚገኝበት ጊዜ ጥቂት አይደለም። አንድ ነገር ብቻ ልጨምር፤ ተመልካች ስለ ፒንግ መጨነቅ የለበትም። ብርሃን በመስታወት ክር ውስጥ በሰከንድ 200000 ኪሎሜትር ያህል ቢሮጥም፣ አገራችን የባሕር በር ስለሌላት መልእክታችን በጐረቤት አገር አልፎ፣ በባሕር ውስጥ ተጒዞ አውሮፓ ደርሶ እስኪመለስ ከ100 ሚሊ ሰከንድ በላይ ይፈጅበታል። ይህ ለሚጫወት ሰው ሕመም ነው፤ ለሚመለከት ግን ምንም አይደለም፤ ምክንያቱም የሚያየው ነገር አስቀድሞም ሆን ተብሎ የዘገየ ነው።

ሆን ተብሎ የዘገየ ያልሁት ብዙዎች እንደ ብልሽት የሚቈጥሩትን ነገር ነው። ጓደኛችን በስልክ «አሁን ጀመርን» ይለናል፤ እኛ ግን ግጥሚያውን ፈልገን እናጣዋለን፤ ወይም እርሱ ተሸንፎ ከወጣ በኋላ በእኛ መስኮት ገና ሲዋጋ እናየዋለን። በዶታ 2 ዘወትር ሁለት ደቂቃ፣ ሊግ ኦፍ ሌጀንድስ በተባለው ጨዋታ ሦስት ደቂቃ የሚዘገየው በደንብ ነው። ምክንያቱም ተጫዋቹ የሚያየው የራሱን ወገንና በአቅራቢያው የደረሰውን ጠላት ብቻ ሲሆን፣ ተመልካች ግን የሁለቱንም ወገን ምሥጢር ያያል። ሳይዘገይ ቢታይ ኖሮ አንድ ተመልካች በስልክ «ከጫካው በስተ ግራ አድፍጠዋል» ብሎ ለወዳጁ ሹክ ማለት ይችል ነበር። ከሁለት ደቂቃ በኋላ ግን ያ ወሬ ዋጋ የለውም።

ይህ ሥጋት የቃል ብቻ እንዳልሆነ የሚያሳይ ታሪክ አለ። በ2012 ሎስ አንጀለስ ላይ በተደረገው የሊግ ኦፍ ሌጀንድስ የዓለም ሻምፒዮና፣ ለአዳራሹ ሕዝብ የተሰቀለው ትልቅ ሰሌዳ ለተጫዋቾቹም ይታይ ነበር። አዙቡ ፍሮስት ከተባለው የኮሪያ ቡድን አንዱ ተጫዋች ወደዚያ ሰሌዳ በማየቱ ቡድኑ 30000 ዶላር ተቀጥቷል፤ የግጥሚያው ውጤት ግን አልተለወጠም። በዚያው ውድድር ሌላም ነገር ሆነ፤ የአዳራሹ የኢንተርኔት መስመር እየተቋረጠ አንዱ ግጥሚያ ደጋግሞ ተጀምሮ ሊፈጸም ስላልቻለ ለሌላ ቀን ተላለፈ። በዚያን ምሽት በቤቱ ሆኖ ራውተሩን አጥፍቶ ሲያበራ ያመሸ ተመልካች ሁሉ በከንቱ ደከመ፤ ጥፋቱ በእርሱ ቤት አልነበረምና። ስለዚህ ማንኛውንም ነገር ከመነካካት በፊት ሌላ ግጥሚያ ከፍቶ ማየትና በሌላ ሰፈር ያለ ጓደኛን መጠየቅ ከሁሉ የቀደመ ነው።

ከዚህ የከበደው ግን በ2020 የታወቀው ነው። ካውንተር ስትራይክ በተባለው ጨዋታ አሠልጣኞች ግጥሚያውን የሚመለከቱት በራሳቸው ተጫዋቾች ዓይን ብቻ እንዲሆን ተወስኗል። በመመልከቻው ላይ በነበረ ብልሽት ግን የአሠልጣኙ ዓይን አልፎ አልፎ በአንድ ቦታ ተተክሎ ይቀርና ጠላት በዚያ ሲያልፍ ያሳየዋል። አንዳንዶች ይህ ሲገጥማቸው ለዳኛ መናገርና መውጣት ሲገባቸው ዝም ብለው ተመለከቱ። የኤሌክትሮኒክ ስፖርት ሐቀኝነትን የሚቈጣጠረው ኮሚሽን የቀድሞ ግጥሚያዎችን ቅጂ አስመርምሮ በመስከረም 2020 በ37 አሠልጣኞች ላይ ከውድድር የማገድ ቅጣት ወሰነ፤ ጥፋታቸውን አምነው ለቀረቡትም ቅጣቱን ቀነሰላቸው። እንግዲህ የመመልከቻ ብልሽት ሁልጊዜ የሚከለክል ብቻ አይደለም፤ ማየት የማይገባንን ሲያሳየንም ብልሽት ነው። እኛም በትምህርት ቤታችን ውድድር ስናደርግ ተመልካቾቹ ያለ መዘግየት የሚያዩ ከሆነ ከተጫዋቾቹ ጀርባ እንዳይቆሙ ብናደርግ መልካም ይመስለኛል።

ይህ ሁሉ ተሞክሮ ባይሳካ የሚቀረው የሚያውቅ ሰው መጠየቅ ነው። ስንጠይቅ «አልሠራ አለ» ማለት ለሐኪም «አመመኝ» ብሎ ዝም እንደ ማለት ነው። በመስኮቱ ላይ የወጣውን ቃል ሳይለውጡ መገልበጥ፣ ሰዓቱን መጻፍ፣ በቪዲዮ ነው ወይስ በጨዋታው ውስጥ፣ አንድ ግጥሚያ ብቻ ነው ወይስ ሁሉም፣ በስልክ ኢንተርኔትስ ይሠራል ወይ የሚለውን መመለስ ያስፈልጋል። እስከዚያው ግጥሚያው ቢያልፍም ፈጽሞ አልጠፋም፤ በዶታ 2 ያለቀው ግጥሚያ ለተወሰኑ ቀናት በፋይል ይቀመጣልና ሌሊት መስመሩ ሲቀል አውርዶ በማግስቱ ያለ አንዳች መቆራረጥ ማየት ይቻላል። የሚያስቸግረው ውጤቱን አስቀድሞ የሚነግረን ጓደኛ ብቻ ነው፤ ለእርሱ ደግሞ እስካሁን ማስተካከያ አልተሠራለትም።