የከፋ ዘውድ የማን ነው?

ከፋ ሲነሣ አብዛኞቻችን ከቡና አናልፍም። የአገሩ ነገሥታት ግን “ታቶ” የሚባል የራሳቸው ማዕረግ ነበራቸው። ባለቤቱ ሚንጆ የተባለው ወገን ሲሆን፣ በ14ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ ገደማ የማቶን ሥርወ መንግሥት ተክቶ እንደነገሠ ይነገራል። ታቶው እንዳሻው የሚያዝ ንጉሥ አልነበረም። “ሚክሬቾ” የሚባል የሰባት አማካሪዎች ሸንጎ ሥልጣኑን ይገድብ ነበር። ሕግ ለተማረ ሰው ይህ ሸንጎ ከዘውዱ ይልቅ ያጓጓል።

የመጨረሻው ታቶ ጋኪ ሸሮቾ ናቸው። በ1889 ዓ.ም. ራስ ወልደ ጊዮርጊስ የአፄ ምኒልክን ጦር ይዘው ዘመቱባቸው፤ የጅማው አባ ጅፋርም አብረው ነበሩ። ጋኪ በጥቂት አሮጌ ጠመንጃ ለወራት ተከላከሉ፣ በየጫካውም ተሸሸጉ፤ በመስከረም 1890 ተያዙ። ጎጀብን ሲሻገሩ የወርቅ ቀለበታቸውን ወንዙ ውስጥ ጣሉት ይባላል። እ.ኤ.አ. በ1919 እስኪሞቱም ነፃ አልወጡም። የከፋ ገበሬ በበኩሉ የዘማቾቹ ገባር ሆነ። አስቀድመው የገበሩት አባ ጅፋር ግን ማዕረጋቸውን እስከ ዕለተ ሞታቸው፣ እስከ 1932 እ.ኤ.አ. ይዘው ቆዩ።

እኔን ከሁሉ የሚገርመኝ የዘውዱ ነገር ነው። በከፋዎች እምነት መንግሥቱ የሚያድረው ዘውዱ ላይ ነበር። ምኒልክም ለስዊዛዊው አማካሪያቸው ለአልፍሬድ ኢልግ ሰጡት፤ ዘውዱ ባሕር ተሻገረ። ሰውየውን ማሰር አልበቃም ማለት ነው፤ ሌላ ታቶ ሊነግሥበት የሚችለውን ዕቃም ማራቅ አስፈልጓል።

ዘውዱ እ.ኤ.አ. በ1954 ተመለሰ። የተረከቡት ግን አፄ ኃይለ ሥላሴ እንጂ ሚንጆዎች አልነበሩም። በ1967 ዓ.ም. ደግሞ ደርግ የራሳቸውን የአፄውን ዘውድ ሻረ። አየርላንድም በ1937 እ.ኤ.አ. ባጸደቀችው ሕገ መንግሥት መንግሥት የመኳንንት ማዕረግ እንዳይሰጥ ከልክላለች፤ የድሮዎቹ ቤተሰቦች ግን እስከ ዛሬ በማዕረጋቸው የሚጠሩ አሉ። ሚንጆዎች ይህም አልደረሳቸውም።

በ1992 ዓ.ም. የወጣው የቅርስ አዋጅ ቅርስ በመንግሥትም ሆነ በማንኛውም ሰው ባለቤትነት ሊያዝ እንደሚችል ይደነግጋል። እንደ እኔ አስተያየት የሚንጆ ተወላጅ “የአያቴ ነው” ብሎ በውርስ ሊረታ አይችልም። ታቶነት በሸንጎ የተገደበ ሥልጣን እንጂ የግል ንብረት አልነበረምና። ጠያቂ መሆን ያለበት የከፋ ሕዝብ ነው። ቦንጋ ደግሞ ከ2014 ዓ.ም. ወዲህ የደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ ሕዝቦች ክልል አንዷ መቀመጫ ስለሆነች፣ ማመልከቻውን የሚጽፍ መሥሪያ ቤት አልጠፋም።