ዳግም ዳኝነት፦ ፍርድ ቤት የራሱን ፍርድ የሚመረምረው መቼ ነው?



በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ፣ በቁጥር 6፣ ፍርድ የሰጠው ፍርድ ቤት ፍርዱን እንደገና እንዲመረምር መጠየቅን ይፈቅዳል። በሩ ግን ጠባብ ነው። አመልካቹ እንደ ሐሰተኛ ሰነድ፣ የሐሰት ምስክርነት ወይም መደለያ ያለ፣ ተገቢውን ትጋት አድርጎም ከፍርዱ በፊት ሊያውቀው ያልቻለው አዲስ ነገር ማግኘት አለበት፤ ነገሩም ቀድሞ ቢታወቅ ኖሮ ፍርዱን የሚለውጥ ሊሆን ይገባል። አቤቱታው በቃለ መሐላ ተደግፎ፣ ይህ በታወቀ በአንድ ወር ውስጥ ይቀርባል።

ስለዚህ ደረሰኙን ከገዛ ሣጥኑ ዘግይቶ ያገኘ ሰው ትጋት ጎድሎታል። ዳኛው ሕጉን በስሕተት ተርጉመዋል የሚለውም መንገዱ ይግባኝ ነው።

እኔ እንደምረዳው፣ ማለቂያ የሌለው ሙግት ረቺውን ባዶ እጁን ያስቀረዋል፤ በማታለል የተገኘ ፍርድ ግን ፍርድ ቤቱን ራሱን የአታላዩ መሣሪያ ያደርገዋል። ጠባቡ በር ክፍት የተተወው ለዚህ ነው።