ሥልጠናው ወልቂጤ፣ ሥራው መርካቶ

ጉራጌ ሥራ ፍለጋ አገር ማቋረጥ የጀመረው የሥራና ክህሎት ሚኒስቴር ከመቋቋሙ ከመቶ ዓመት በላይ ቀድሞ ነው። አዲስ አበባ ስትቆረቆር ጉልበቱን ይዞ የገባው ሰው ቀስ በቀስ ወደ ንግድ ተሻገረ። ከወልቂጤም ከቡታጅራም የመጣው ልጅ አጎቱ ሱቅ ይገባል፤ ዕቃ ያመላልሳል፣ ደንበኛ ማናገር ይለምዳል፣ ዓመታት ሲያልፉ እቁብ ወጥቶለት የራሱን በር ይከፍታል። ሥልጠናው፣ መነሻ ገንዘቡና የሥራ ማገናኛው አንድ ቤት ውስጥ ነበሩ። በ1950ዎቹ የጉራጌ መንገድ ሥራ ድርጅትን አቋቁመው ለአገራቸው መንገድ ያወጡትም እነዚሁ ከተማ የከተሙ ተወላጆች ናቸው።

መንግሥት ሌላ ፈር ያዘ። በ1986ቱ የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲ መሠረት ከ10ኛ ክፍል ፈተና በኋላ ውጤት የመጣለት መሰናዶ ገባ፣ ያልመጣለት ወደ ቴክኒክና ሙያ ተላከ። ሙያ የወዳቂ መጠጊያ ተብሎ የታየው ያኔ ነው፤ ስሙ እስካሁን አልጠራም። ፈተናው ከቀረ በኋላ ማጣሪያው ወደ 12ኛ ክፍል ተዛወረ። በ2015 ዓ.ም. ከተፈታኞቹ 50 በመቶና ከዚያ በላይ ያመጡት 3.2 በመቶ ብቻ ነበሩ።

ታዲያ በወልቂጤና በቡታጅራ በሙያ ሠልጥኖ የወጣው ወጣት ምን ይጠብቀዋል? ወልቂጤ የጅማ፣ ቡታጅራ የሆሳዕና መንገድ ላይ ያሉ የንግድ ከተሞች ናቸው፤ ዙሪያቸው እንሰት፣ ጫትና በርበሬ ነው። በ2004 ዓ.ም. የተቋቋመው ወልቂጤ ዩኒቨርሲቲ ለከተማዋ ገበያ አምጥቷል። በ2015 ዓ.ም. የማዕከላዊ ኢትዮጵያ ክልል ሲመሠረት ቡታጅራ የምሥራቅ ጉራጌ ዞን መቀመጫ ሆነች፤ የቢሮ ወንበር ግን ስንቱን ይይዛል? ቀሪው በጥቃቅንና አነስተኛ ተደራጅቶ ሼድና ብድር ይጠብቃል፣ ወይም ባጃጅ ይነዳል፣ ወይም የአያቱን መንገድ ይዞ አዲስ አበባ ይገባል።

በ2000 ዓ.ም. የወጣው የቴክኒክና ሙያ ስትራቴጂ፣ ችሎታ የትም ቢገኝ ተመዝኖ የምስክር ወረቀት ይገባዋል ይላል። በእኔ እምነት የስትራቴጂው ምርጥ ሐሳብ ይኸው ነው። ሱቅና ጋራዥ ውስጥ ያደገ ወጣት ክፍል ሳይቀመጥ ለሙያ ብቃት ምዘና (ሲኦሲ) ሊቀርብ ይችላል ማለት ነውና። ኮሌጅና ድርጅት በጋራ የሚሰጡት የትብብር ሥልጠናም ቢሆን ኮሌጁ ከአካባቢው ድርጅቶች አልፎ መርካቶ ያሉ ተወላጆችን ሱቅና ወርክሾፕ ካላካተተ ጎዶሎ ነው። የኮሌጅ ኃላፊዎች ለሠልጣኞቻቸው ቦታ ሲፈልጉ መጀመሪያ የእነዚህን ነጋዴዎች በር ያንኳኩ።